ፎቶግራፍ ያልተዉልን ጋሽ ሬናቶ

ጋሽ ሬናቶ ሐሙስ ጠዋት ፍሮግታውን ሠፈር በሚገኘው ቤታቸው አርፈዋል። ጣሊያን ተወልደው፣ ዕድሜያቸውን ሙሉ ለፊልም የሚሆን ቤት፣ ግድግዳና በር ሲሠሩ የኖሩ ሰው ነበሩ። የተዋናዮቹን ስም የሚጠራ ብዙ ነው፤ የእሳቸውን የሚያውቅ አላጋጠመኝም። «ግድግዳዬን ልብ ብለህ ካየኸው አበላሽቼዋለሁ ማለት ነው» ይሉ ነበር።

ባለቤታቸውን እትዬ ጥሩወርቅን ያገኟቸው ሮም፣ እትዬ የፊልም ልብስ ሲሰፉ ነው። በኋላ የእትዬን እህት ተከትለው ሚኒሶታ ገቡ። አማርኛን ከእትዬ ተማሩ፤ ስድቡን አስቀድመው።

እኔ ምግብ ዴሊቨር ላደርግ ሄጄ ነው የተዋወቅኋቸው። ግጥም እንደምጽፍ ሲሰሙ አስቀምጠው አስነበቡኝ። ዓይናቸውን ጨፍነው ሰሙና «የግጥምህ ወንበር አዲስ ነው፤ ማንም አልተቀመጠበትም። አፍርሰው!» አሉ። ከዚያ ወዲህ ስንቱን አስፈረሱኝ! አንዱንም ጥሩ ነው ሳይሉኝ ሄዱ።

ደግነታቸውም እንደ ጥፊ ነበር። ከእነሱ ሥር ባለው ቤዝመንት አንዲት የወሎ ሴት ከታመመ ልጇ ጋር ትኖር ነበር። የልጁ ክፍል መስኮት የለውም። ጋሽ ሬናቶ እንጨት ተሸክመው ወረዱና ባዶው ግድግዳ ላይ መስኮት ሠሩ፤ ከመጋረጃው ጀርባ አምፖል ደብቀው የጠዋት ፀሐይ አስገቡ። ልጁ ብድግ ብሎ «ማሚ፣ ኢትስ ሞርኒንግ!» አለ። እናትየው ልትመርቃቸው እጇን ብትዘረጋ፣ «ተይው። ፀሐይሽ ሲቃጠል ሌላ ግዢ» ብለው ደረጃውን ወጡ።

ለእትዬ ግን የባሱ ነበሩ። እትዬ አብረው ፎቶ እንዲነሡ ይለምኗቸዋል። ጋሽ ሬናቶ እሺ ይላሉ። ወንበሩን ያስተካክላሉ፣ መብራቱን ያዞራሉ፣ የእትዬን አገጭ ቀና ያደርጋሉ፣ ከዚያ ካሜራውን ይዘው ወደ ኋላ ይሄዳሉ። ባለፈው ፋሲካ እዚያው ነበርኩ።

«አንተ ሰው፣ አንድ ቀን እንኳ አጠገቤ ቁም!» አሉ እትዬ።

«እኔ ከገባሁ ይበላሻል።»

«ስትሞትስ ምኑን ልይ?»

«ግድግዳውን።»

እትዬ አለቀሱ። እሳቸው ካሜራውን እንዳነሡ፣ «አትንቀሳቀሺ፤ እንባው ብርሃኑን ይዞታል» ብለው አነሷቸው። ፎቶው፣ እውነት ለመናገር፣ በጣም ያምራል።

የለቅሶ ቤት ያለ ሟች ፎቶ አይሆንምና ሐሙስ ዕለት ቤቱን ገለበጥነው። ያገኘነው እትዬን ነው፤ እትዬ በወንበር፣ እትዬ በበረዶ፣ እትዬ በብርሃን። በእኛ ስልክ ያለው ደግሞ የእሳቸው አንድ ክርን፣ አንድ ትከሻ፣ ዘወር ያለ ማጅራት። የመንጃ ፈቃዳቸውን ፎቶ ብናሳድገው የማንም ፊት ሆነ።

እትዬ ተነሥተው የፋሲካውን ፎቶ ሻማዎቹ መካከል አቆሙት።

«ኧረ በስመአብ በይ!» አሉ እማማ ዘነቡ፣ ጎረቤታቸው። «የቁም ሰው ፎቶ ለለቅሶ? ሟርት ነው!»

«ይሁን። እዚህ ላይ የማየው እሱን ነው» አሉ እትዬ።

ወዲያው የእትዬ የአክስት ልጅ አቶ ደምሴ ከበርንስቪል ደረሱ። እሳቸው የሰሙት ጥሩወርቅ ቤት ለቅሶ እንዳለ ብቻ ነው። ከበሩ ገብተው ፎቶውን ሲያዩ ደረታቸውን እየደቁ፣ «ወይኔ እህቴ! ጥሩዬ! ምነው ሳልሰናበትሽ!» ብለው ጮኹ። እትዬ ጥቁር ለብሰው ጥጉ ላይ ተቀምጠዋል። አንዳንዱ ነጠላውን አፉ ውስጥ ወተፈ። አንዱ ሳቁ አመለጠው።

«ደምሴ፣ እኔ አለሁ» አሉ እትዬ። «የሞተው ካሜራውን የያዘው ነው።»

አቶ ደምሴ ዞረው አዩዋቸው። ደነገጡ፤ አፈሩ። ከዚያ መጠየቅ የሌለበትን ጠየቁ፦ «ታዲያ የእሱ ፎቶ የታለ?»

እትዬ እስከዚያች ሰዓት ድምፅ አውጥተው አላለቀሱም ነበር። «አፍንጫው ትዝ ይለኛል» አሉ፤ «ዓይኑ ግን ገና ከአሁኑ እየጠፋብኝ ነው» ብለው ጮኹ። የሳቀው ሰው ወጥቶ መኪናው ውስጥ ተቀመጠ።

ጋሽ ሬናቶ፣ ከስንት ተዋናይ ፊት ጀርባ ግድግዳ ያቆሙ፣ የራስዎን ፊት ለአንዲት ሴት የነፈጉ፣ ደህና ይሁኑ። የቤዝመንቱ ፀሐይ እስካሁን ይበራል። ግጥሜንም አሁንም አፈርሳለሁ። እትዬ ግን እንዳዘዟቸው ከጠዋት እስከ ማታ የሳሎንዎን ግድግዳ ሲያዩ ይውላሉ፤ እያንዳንዷን ስንጥቅ ልብ ብለው ያያሉ። በራስዎ ቃል ልፍረድብዎ፤ አበላሽተውታል።