የታገደው ጡረታ

ደሳለኝ አሜሪካ፣ ሜሪላንድ ውስጥ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ባለ አንድ ሆቴል ቧንቧና ማሞቂያ ሲጠግን ያረጀ ሰው ነው። ከባለቤቱ ከውቢት ጋር ሲፋቱ እሷ ከወንዙ ማዶ፣ ቨርጂኒያ፣ አሌክሳንድሪያ ትንሽ አፓርታማ ተከራየች። የሰው ቤት ስታጸዳ ኖራ ወገቧ ስለተጎዳ ፍርድ ቤቱ በየወሩ ቀለብ፣ አሊሞኒ የሚሉትን፣ እንዲከፍላት ወሰነ። ያ ውሳኔ ደሳለኝን አንገበገበው። «ፈትቻት ደግሞ እስከ መቼ ነው የምቀልባት?» እያለ ለወዳጆቹ ያማርር ነበር።

እንደ ፈረንጆቹ በ2012 ጡረታ ሲወጣ አንድ ነገር አሰበ። የሪታየርመንት ገንዘቡን ባንድ ጊዜ ዊዝድሮው አድርጎ፣ ጠቅልሎ አውጥቶ፣ ባሕር ዳር ሊገባ፤ እዚያ የሜሪላንድ ዳኛ አይደርስበትም። ሐሳቡን ላንድ ጓደኛው ብቻ ነገረው። ጓደኛው ለሚስቱ ነገራት፣ ወሬው ወንዙን ተሻግሮ ውቢት ጆሮ ገባ። ድምጿን ከፍ አድርጋ የማታውቀው ውቢት ጠበቃ ያዘች። ገንዘቡ ከመውጣቱ በፊት ፍርድ ቤቱ ጉዳዩ እስኪሰማ ድረስ እንዳይነካ አገደው።

በቀጠሮው ቀን ሮክቪል ፍርድ ቤት ተገናኙ። ልጃቸው ሀሴት ከኋላ ተቀምጣለች። ደሳለኝ እውነት ሊናገር ከማለ በኋላ ዳኛዋ በአስተርጓሚ ጠየቁት።

«ገንዘቡን ሁሉ ባንድ ጊዜ ለምን ፈለጉት?»

«ወንድሜ በጠና ታሞብኝ ነው። ላሳክመው ብዬ ነው።»

«ስሙ ማን ነው?»

«ጸጋዬ።»

ስሙ ካፉ እንደወጣ ጆሮው ጋለ። ጸጋዬ ከሞተ ቆይቷል። መርዶው የተነገረው እዚሁ አሜሪካ፣ እሱና ውቢት አብረው ሲኖሩ ነው። ያኔ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ያለቀሰችው፣ ለቀስተኛውን ስታስተናግድ የሰነበተችው ውቢት ነበረች።

ዳኛዋ ወደ እሷ ዞሩ። «እርስዎ ይህን ያውቃሉ?»

ውቢት እጇን አፏ ላይ ጫነች። ደሳለኝ ዓይኑን ጨፍኖ ጠበቀ።

«ስለ ወንድሙ ምንም አልልም» አለች መሬት መሬት እያየች። «እኔ የመጣሁት ስለ ጡረታው ነው።»

«ውሸታም!» ብላ ብትጮህበት እሱም መልሶ በጮኸ፣ በቀለለው። እሷ ግን ሸፈነችለት። ሊከዳት፣ ሊያስርባት ካሰበ ሰው ፊት ቆማ ገበናውን ሸፈነችለት። እጁን አነሳ።

«ክብርት ዳኛ፣ ወንድሜ በሕይወት የለም። ዋሽቻለሁ።»

አስተርጓሚዋ ለአፍታ አየችውና ወደ እንግሊዝኛ መለሰችው። ከኋላ የሀሴት ድምፅ ተሰማ። «ኦ ማይ ጋድ፣ አባዬ!»

ዳኛዋ በመሐላ ስለመዋሸት በጠንካራ ቃል ገሠጹት። ገንዘቡን ባንድ ጊዜ ማውጣት ቀረ፤ በየወሩ እንዲከፈል፣ የውቢትም ድርሻ በእሱ እጅ ሳያልፍ በቀጥታ እንዲደርሳት ታዘዘ።

ኮሪደሩ ላይ ተከተላት። «ውቢት፣ ይቅር በይኝ።»

«ገንዘቡን ይዘህ መጥፋት ማሰብህ አልገረመኝም» አለችው። «ጸጋዬን ለምን አነሳኸው? አብረን አይደል ያለቀስነው?»

መልሱን ሳትጠብቅ ከሀሴት ጋር አሊቬተር ውስጥ ገባች። ሀሴት ሳታየው «ኮል አደርግልሃለሁ» አለች። ሳምንታት አለፉ፣ አልደወለችም።

ወዳጆቹ «የፈረንጅ ፍርድ ቤት ለሴት ያደላል» እያሉ ያጽናኑት ጀመር። አዎ አላለም፤ አይደለምም አላለም። ዝም ማለቱ እንደገና ያሳፍረው ነበር። አንድ ቀን ክርስትና ቤት፣ አብረውት ማዕድ የቀረቡት ልሳነወርቅ የተባሉ ሽማግሌ ውቢትን አንስተው «የሽማግሌ ጡረታ የምታሳግድ ጨካኝ!» ሲሉ ግን አላስቻለውም።

«አንቱ፣ እሷን ተዉአት» አላቸው። «ልከዳት ነበር። በሞተ ወንድሜ ስም ዳኛ ፊት ዋሽቻለሁ።»

ልሳነወርቅ ጉሮሯቸውን ጠራረጉ። በመጨረሻ አንዷ ሴት «ብሉ እንጂ፣ ቀዘቀዘ» አለች። ደሳለኝ አንገቱን ደፍቶ ጎረሰ።