በቱቦ የገባ ተረት

ልጅ ሳለሁ ቅዳሜ ማለት ለእኔ የጋሽ ደምሴ ቫን ማለት ነበር። እንደ ፈረንጆቹ በዘጠናዎቹ ውስጥ ነው። ቴክሳስ፣ ዳላስ አጠገብ አዲሰን በምትባል ከተማ፣ ከአውራ ጎዳናው ጀርባ አፓርትመንት ውስጥ እንኖራለን፣ እማዬ ቅዳሜ ቅዳሜ አረጋውያን መጦሪያ ትሠራለች፣ እኔንና ታላቅ እህቴን ሩትን የሚጠብቀን ጎረቤታችን ጋሽ ደምሴ ነው። ሌላውን ቀን ግሬፕቫይን ከምትባለው ጎረቤት ከተማ ሆቴሎች ወደ ኤርፖርት መንገደኛ ያመላልሳል። አገር ቤት ግን፣ ድሬዳዋ አጠገብ፣ ሩሲያኖች ያሠለጠኑት የሮኬት ወታደር ነበር።

ሲመሻሽ ከአፓርትመንቱ ኋላ ባለው የጋራ መጥበሻ ላይ ዶሮ እየጠበሰ ያወራልናል። ያኔ ፍሙ ሲደክም በካርቶን ቁራጭ ያራግበዋል፣ ጭሱ ዓይናችን ውስጥ ይገባል፣ ደረጃው ላይ ያለችው አምፖል በትንኝ ተከባ የፊቱን ግማሽ ብቻ ታሳየናለች፣ እሱም በሹካው ሰማዩን እየጠቆመ ራዳር እንዴት እንደሚዞር፣ ሮኬት ሲነሳ ደረት ውስጥ ምን እንደሚሰማ ይነግረናል። እኔ አርፌ የማልቀመጥ ልጅ ነበርኩ። ትምህርት ቤትና እኔ ኋላ በጊዜ የተለያየነውም ለዚሁ ነው። ጋሽ ደምሴ ሲያወራ ግን ቢያንስ ዶሮው እስኪበስል እቀመጥ ነበር።

ወሬው ብቻ አልበቃውም። በዳላስና በፎርት ወርዝ ዙሪያ፣ አሜሪካኖቹ ድሮ የሩሲያን አውሮፕላን ለመምታት ሮኬት ያቆሙባቸው ቦታዎች እንዳሉ ከአንድ ተሳፋሪ ሰማና እየዞረ ያሳየን ጀመር። አብዛኛው አጥር፣ ሲሚንቶና እሾህ ነው።

«ጋሼ፣ ይሄ እኮ ፓርኪንግ ሎት ነው!» ትለዋለች ሩት።

እሱ ሲሚንቶው ላይ ቆሞ ይስቃል። «አየሽ፣ እነሱ እዚህ ቁጭ ብለው እኛን ሲጠብቁ፣ እኛ ደግሞ እዚያ ቁጭ ብለን እነሱን። ማንም ሳይመጣ ሁላችንም ጡረታ ወጣን።»

አንድ ቅዳሜ ከፎርት ወርዝ በስተደቡብ፣ አንድ ከብት አርቢ መሬት ላይ ወዳለው የሮኬት ቦታ ሄድን። ባርኔጣ ያጠለቀ ሽማግሌ አጥሩን ከፍቶልን ወደ ቤቱ ተመለሰ። እዚያ ከአፈር ክምር ሥር የተቀበረ የሲሚንቶ ክፍል ነበር፣ ተኳሾቹ ሮኬቱ ሲነሳ የሚጠለሉበት።

«አቤል፣ በሩን እንዳትነካ» አለኝ ጋሽ ደምሴ።

ነካሁት። ማለቴ፣ ሩትን ላስደነግጣት ብዬ ገባሁና የብረቱን በር ከውስጥ ገፍቼ ዘጋሁት። የላይኛው ማጠፊያ በዝገት ተበልቶ ኖሮ ቀጭ ብሎ ተሰበረ፣ በሩ ዘመም ብሎ ተቀረቀረ። ድቅድቅ ጨለማ። አየሩ የሚያልቅ መሰለኝና ቡጢዬ እስኪላጥ በሩን ደበደብኩት።

«ራቅ በል! ወደ ውስጥ ነው የሚወድቀው፣ እላይህ ላይ ይወድቃል!» እያለ ሲጮህ ይሰማኛል። እሱ በጮኸ ቁጥር እኔ ባሰብኝ። ብረቱ በመታሁት ቁጥር ሲጢጥ ይላል። ሩት ሰውዬውን ልትጠራ ሮጣለች።

ከዚያ ድንገት ውጭው ጸጥ አለ። ትንሽ ቆይቶ ከኋላዬ፣ ከወዲያኛው ግድግዳ፣ ክንድ በምታስገባ የአየር ቱቦ በኩል ድምፁ መጣ። አይጮህም። ልክ መጥበሻው አጠገብ እንደተቀመጠ ነው የሚያወራው።

«አቤልዬ፣ የፍየሎቹን ነገር ነግሬህ አላውቅም፣ አይደል?»

«የምን ፍየል ነው?!» አልኩ እያለቀስኩ።

የሆነ ነገር አለ፣ ድምፁን ይበልጥ ዝግ አድርጎ።

«አይሰማኝም!»

«እንግዲያ ቅረብ። እኔ አልጮህም።»

ግድግዳውን እየዳበስኩ ሄድኩና ጆሮዬን ቱቦው ላይ ለጠፍኩ።

ሮኬቱ ከሰማይ እንዳይታይ መረብ እናለብሰዋለን፣ መረቡ ላይ ቅጠል እንሰካለን አለኝ። ማታ ይሰካል፣ ጠዋት የለም። ሩሲያዊው አሠልጣኝ ሰላይ ገብቷል ብሎ ጥበቃ ጨመረ። ለካስ የመንደሩ ፍየሎች ናቸው። ባለቤታቸው፣ አንዲት አሮጊት፣ ተይዘው ሲጠየቁ «እኔማ ፍየሎቼን የምታበሉልኝ መስሎኝ ስመርቃችሁ ከረምኩ» አሉ። ሩሲያዊው በዚያች በተሰባበረች አማርኛው «ይሄ ፍየል፣ ሰላይ!» ሲል ጋሽ ደምሴ ድምፁን አስመስሎ አመጣው። ንፍጤ በአገጬ እየወረደ ሳቅኩ።

«ከዚያስ?»

«ከዚያማ ጄኔራሉ ለጉብኝት መጡ። መረቡ ሲገለጥ፣ አንዲት ነጭ ፍየል ሮኬቱ ላይ ቂብ ብላ…»

የትራክተር ድምፅ መጣ።

«አቤል፣ ግድግዳው ላይ ተለጠፍ። ዓይንህን ጨፍን። እኔን ብቻ ስማ።»

ትራክተሩ በሩን ገፋው። ያ ሁሉ ብረት ቅድም ስደበድበው የነበርኩበት ቦታ ላይ ወደቀ፣ አቧራው ጸሐይ ይዞ ገባ።

ሩት ጀርባዬን በቡጢ መታችኝና አቀፈችኝ። «ደደብ! ፎር ሪል፣ ደደብ ነህ!» ጋሽ ደምሴ ከክምሩ ኋላ ዞሮ ሲመጣ ጉንጩና አፉ ላይ የቱቦው ዝገት ክብ ሆኖ ታትሟል። ቁጣውን ጠበቅኩ፣ አልተቆጣኝም። ቫኑ ውስጥ ስንገባ ግን ቁልፉን ማስገባት አቃተው፤ ሩት ናት ተቀብላ ያስገባችለት።

ዓመታት አለፉ። እኔ ከሥራ ሥራ፣ ከሰፈር ሰፈር ስቅበዘበዝ ቆይቼ፣ እሱ ዳላስ ዳር፣ ዋይሊ የምትባል ከተማ ቤት ከገዛ በኋላ ልጠይቀው ሄድኩ።

«ጋሼ፣ ጄኔራሉ ፍየሏን ሲያዩ ምን አሉ?»

«የምን ጄኔራል?»

ሁሉንም ነገርኩት፣ መረቡን፣ አሮጊቷን፣ ሩሲያዊውን። እንባው እስኪመጣ ሳቀ። «ጥሩ ናት! ማን ነገረህ?»

«አንተ ነህ እንጂ! በዚያ ቱቦ።»

«ምን እንዳወራሁ አላውቅም» አለኝ። «ስትስቅ መስማቴን ነው የማስታውሰው። ሳቁ ከቅርብ ነበር የመጣው። በሩን ትቶ ወደ ቱቦው መጥቷል አልኩ በልቤ።»

ሶ፣ ያ ተረት አሁን ያለው እኔ ጋ ብቻ ነው። ያንን በር ሳስብ ከፍርሃቱ ይልቅ የሚመጣብኝ ምስጋና ነው፤ ያኔ የማላውቀው፣ ስሙን እንኳ የማልሰጠው ምስጋና። ጄኔራሉ ምን እንዳሉ ግን እስከ ዛሬ አላውቅም። ጋሽ ደምሴ የፈጠረልኝ፣ ትራክተሩ እስኪደርስ የሚበቃኝን ያህል ነው።