የእኔ ጣሳና የቻይናው ካርቱን

ልጄ እዚህ እንግሊዝ አገር ዩኒቨርሲቲ የምትማረው አኒሜሽን ነው። ሰው ሲጠይቀኝ ግን «ኮምፒውተር» እላለሁ፤ ካርቱን ትምህርት ነው ብሎ ማን ያምነኛል? የመመረቂያ ሥራዋን የምታሳይ ቀን አብረውኝ የሚያስቀድሱ ሦስት ሴቶች ይዤ ሄድኩ። ጉራዬን ልነዛ ነበር መቼም።

መጀመሪያ ለሥራዋ መነሻ የሆኗትን የድሮ የቻይና ካርቱኖች አሳዩን። በአንዱ ላይ ቦርጫም ሀብታም ድግስ ላይ ተቀምጦ ይበላል፤ አጥንቱ የሚቆጠር ሰውዬ ከበር ውጭ ቆሞ፣ ሀብታሙ ባላመጠ ቁጥር ባዶ አፉን አብሮ ያላምጣል። አራታችንም በሳቅ ፈነዳን። ልጄ ተነስታ፣ የዚያን ጊዜ ሠዓሊዎች ድህነትን እንዲህ እያሳቁ ያሳዩ እንደነበር፣ የሳቀው ሰው በኋላ ራሱን እንዲታዘብ ይፈልጉ እንደነበር አስረዳች። እኔ ገና እንባዬን እየጠረግኩ ነበር።

ቀጥሎ የእሷ መጣ። አንዲት ትንሽ ልጅ ተዝካር የተደገሰበት ግቢ በር ላይ ከነድያን ጋር ተሰልፋ ሳህን ዘርግታለች። ልጅቷ እኔ ነኝ። ድሮ ምግቧን አልጨርስ ስትለኝ የነገርኳት ነው፤ ረስታዋለች ብዬ ነበር። መጨረሻው ላይ «የእናቴ እውነተኛ ታሪክ» የሚል ጽሑፍ ወጣ።

ሦስቱም ሴቶች ዞረው አዩኝ። ብድግ አልኩና በዚያ በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ «እኛ ቤት ሠራተኛ ነበረን! ይኼን ከራሷ ፈጥራ ነው» አልኩ።

ውጤት የሚሰጧት አስተማሪዎች ፊት ለፊት ተቀምጠዋል። ልጄ አንዴ አየችኝና ወደ እነሱ ዞራ «የእኔ ስህተት ነው፤ ከሌላ ሰው የሰማሁት ነው» አለች። ለእኔ ስትል ዋሸች። አፈርኩ፤ ግን አፌን ዘግቼ ተቀመጥኩ።

ሴቶቹን ተሰናብተን ወደ ሰፈራችን ወደ ሼፈርድስ ቡሽ የሚሄደው አውቶቡስ ላይ ወጣን።

«ተቀየምሽኝ?» አልኳት።

«ኖ፣ እማ። ሳህኑን ግን ልክ ስዬዋለሁ?»

ሳህን አልነበረም። የቲማቲም ጣሳ ነበር፤ ጠርዙ ከንፈሬን ይቆርጠኝ ነበር። ልነግራት አፌን ከከፈትኩ በኋላ ዞር ብዬ ከኋላችን ሐበሻ አለመኖሩን አየሁ። «ጣሳ ነበር» ያልኳት ከዚያ በኋላ ነው፤ እሱንም በሹክሹክታ።

ዞር ስል አይታኛለች።