ክትሩን አንሳ

ሐምሌ አጋማሽ ላይ፣ ማክሰኞ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት ተኩል፣ አንድ የራያ ገበሬ የፍርድ ቤት ትእዛዝ ባለማክበር ተከሰው ቆቦ ላይ ዳኛ ፊት ቆሙ።

ነገሩ የጎርፍ ነው። በእኛ ሜዳ ዝናቡ ተራራው ላይ ይዘንባል፤ እኛ የምንጠብቀው የሚወርደውን ጎርፍ ነው። ጎርፉ በቦይ ተጠልፎ ከማሳ ወደ ማሳ ያልፋል። ገበሬው ግን ቦዩን በጭራሮና በአፈር ከትረው ውሃውን ለብቻቸው አስቀሩት። ከታች ያለችው ባል የሞተባት ጎረቤታቸው ማሽላዋ ሲጠወልግባት ከሰሰች። ፍርድ ቤቱም "ክትሩን እንዲያነሳ" ሲል አዘዘ። ሊያጣራ የሄደው ፖሊስ ክትሩን ከበፊቱ በክንድ ያህል ከፍ ብሎ አገኘው።

"አባት፣ ትእዛዙ አልደረሰዎትም?" አለ ዳኛው። ከጎጃም ተመድቦ የመጣ ወጣት ነው።

"ደርሶኛል ጌታዬ።"

"ታዲያ?"

"አንሳ አላችሁኝ፣ አነሳሁት። ወላሂ፣ ወገቤ እስኪቆረጥ ነው ያነሳሁት።"

ችሎቱ ሳቀ። ዳኛው ጠረጴዛውን መታ።

"ይህ ችሎት መድፈር ነው! ያሳስርዎታል።"

"እኔ? ምን ድፍረት አለኝ ጌታዬ! ምሽቴን እንኳ እፈራለሁ።"

"እሷንስ ይፈራል፣ እውነቱን ነው" አለች ከሳሿ ሳይታወቃት።

"አንሳ ማለት እኮ ወዲያ አንሳ ማለት ነው!" አለ ዳኛው።

"ወዲያ የሚለው የቱ ጋ ነው?"

ዳኛው መዝገቡን ገለጠ። ችሎቱን ከታዳሚው ጋር ተቀምጬ የሰማሁት እኔም በኋላ ግልባጩን አንብቤዋለሁ። ወዲያ የሚል ቃል የለውም።

በመስኮቱ ተራራው ጠቁሮ ይታያል። ሴትየዋ ብድግ አለች።

"ጌታዬ፣ ጎርፉ መምጣቱ ነው። ማሽላዬ ዛሬ ካልጠጣ አለቀለት። ብትፈልግ እሰረው፤ ግን መጀመሪያ ያፍርስልኝ!"

ዳኛው ለጸሐፊዋ ቃል በቃል አስጻፈ። "ክትሩን ዛሬውኑ እንዲያፈርስ፣ አፈሩን ከቦዩ እንዲያወጣ፣ ዳግመኛም እንዳይከትር።" ቀና አለ። "አሁንስ ገባዎት?"

"አሁንማ አማርኛ ሆነ።"

"ካላፈረሱ ነገ የሚያነሱት የእስር ቤት ስንቅዎን ነው።"

ፖሊሱ፣ ገበሬው፣ ሴትየዋና መጨረሻውን ለማየት የተከተልኳቸው እኔ በአንድ ባጃጅ ታጭቀን ወደ ማሳው፣ በዋጃ መንገድ ወጣን።

"አካፋሽን ታበድሪኛለሽ" አሉ ገበሬው።

"የኔን? በራስህ አካፋ ከትረህ በኔ ልታፈርስ?"

"የኔ እጀታው ተሰብሯል። ከከለከልሽኝ ትእዛዙን ያደናቀፍሽው አንቺ ነሽ፤ ፖሊሱ ይስማ።"

"አይ አንተ! አላህ ይይልህ።"

ፖሊሱ ፊቱን ወደ ውጭ አዞረ፤ ትከሻው ሲንቀጠቀጥ ግን ይታየኝ ነበር።

ክትሩ በሴትየዋ አካፋ ፈረሰ። ጎርፉ ከዚያ በኋላ ደረሰ። አሥራ አንድ ሰዓት ላይ በማሽላዋ መካከል ስቆም ውሃው ቁርጭምጭሚቴ ደርሶ ነበር።