ሳይደርስ የገባ ስእለት

የሳህሉ ሥራ፣ ጠርተው እስኪያስገቡት ድረስ መጠበቅ ነበር። የቤዝቦል ነገር የማይገባቸው የደብሩ ሽማግሌዎች ምን እንደሚሠራ ሲጠይቁት፣ በተሰባበረ አማርኛው ያስረዳቸዋል።

«መጀመሪያ የሚወረውር ሰው አለ። ክንዱ ሲደክም፣ ወይ ኳሱን ሲመቱበት፣ ከአጥር ኋላ ከተቀመጥነው አንዱን ይጠራሉ።»

«የቀራችሁትስ?»

«እንቀመጣለን።»

«ደግ ሥራ ነው» ይሉና ይስቃሉ። እርሱም አብሯቸው ይስቃል፤ ወደ ቤቱ ሲመለስ ግን ሳቁ ከውስጡ ይከስማል።

ሳህሉ የተወለደው ከአሜሪካ ድንበር ወዲህ ባለች ትልቅ ከተማ፣ ሪጀንት ፓርክ በሚባል የድሆች ሰፈር፣ አሮጌዎቹ ሕንጻዎች ሳይፈርሱ ነው። አባቱ በልጅነቱ ስላረፉ፣ እርሱንና እኅቱን ሐሴትን ያሳደጓቸው እናታቸው ወይዘሮ ውቢት ናቸው፤ በሆስፒታል የልብስ እጥበት ክፍል ቆመው እየዋሉ። የልጁን ክንድ መጀመሪያ ያስተዋለው የስፖርት መምህሩ ነበር። ትምህርቱን እንደ ጨረሰ አንድ የአሜሪካ ቡድን ወሰደው፤ ከዚያ ወዲያ አውቶቡስ ያደረሰው ከተማ ሁሉ አገሩ ሆነ። አንዱ ቡድን ሲያሰናብተው ሌላው ይቀበለዋል፤ በበጋ በትንንሽ የአሜሪካ ከተሞች፣ በክረምት በሜክሲኮና በዶሚኒካን ይወረውራል። እስፓኝኛው ከአማርኛው በረታ፤ ይህም ከሚያፍርባቸው ነገሮች አንዱ ነበር። ወደ ትልቁ ሊግ አንድ ደረጃ ብቻ ሲቀረው ቆመ፤ በዚያችው ደረጃ ላይም ጎልማሳ ሆነ፤ ጢሙም ላይ ሽበት ጣል ጣል አለ።

ወይዘሮ ውቢት በደብሩ ሴቶች መካከል የልጃቸውን ነገር አንሥተው አይጠግቡም ነበር። ሴቶቹም፣ በተለይ ወይዘሮ ጠጂቱ፣ አንደበታቸውን አልያዙም። «ውቢት፣ ይህ ልጅሽ የሚጫወተው በየትኛው ቻናል ነው? እኛ ቤት ያለው ቴሌቪዥን ይሆን የማያሳየው?» ይላሉ። ወይዘሮ ውቢት አንድ ቀን ይህን ሰምተው ወደ እመብርሃን ሥዕል ፊት ሄደው፣ «ልጄን በትልቁ ሜዳ፣ ተጠርቶ ገብቶ ሲወረውር በዓይኔ ካሳየሽኝ፣ ለመቅደስሽ ደጅ መጋረጃ አስገባለሁ» ብለው ተሳሉ። መጋረጃውንም አዲስ አበባ አሰፍተው አስመጡት። ሰማያዊ ከፋይ ነው፤ በመካከሉ የወርቅ ክር መስቀል አለበት። በልብስ ሣጥናቸው ውስጥ ዓመታት አሳለፈ። አበው እንደሚያስተምሩት፣ ስእለት ከአፍ ከወጣበት ሰዓት ጀምሮ የተናጋሪው አይደለም።

በፍልሰታ ጾም መካከል፣ የከተማይቱ ትልቅ ቡድን ከተተኪ ወርዋሪዎቹ አንዱ ታመመበትና ሳህሉን ጠራው። ወይዘሮ ውቢት በስልክ ሲሰሙ ወንበር ይዘው ተቀመጡ። በልጅነቱ ከአውራ ጎዳናው ላይ አሻግሮ ያየው የነበረው ያ ግዙፍ ስታዲየም፣ አሁን በሠራተኛ በር አስገባው። እርሱ ግን ተተኪ ማለት ምን እንደ ሆነ ያውቃልና፣ ለእናቱና ለእኅቱ መቀመጫ ሲመርጥ ከወርዋሪዎቹ ማሟሟቂያ በላይ ያለውን ወሰደ። «ባይጠሩኝም ታየኛለች» አለ በልቡ። ኋላ ላይ በኀፍረት ሲያስታውሰው፣ ስሕተቱ የጀመረው እዚህ ላይ መሆኑን አይክድም።

ማሟሟቂያው ከሜዳው ዳር በአጥር የተከለለ፣ ተተኪዎች ወደ ጨዋታው ሳይገቡ ክንዳቸውን የሚያፍታቱበት ስፍራ ነው። በሦስተኛው ቀን፣ ማክሰኞ፣ ከሰዓት በኋላ በተደረገው ጨዋታ የግድግዳው ስልክ ጮኸ፤ «ሳህሉ ይሟሟቅ» ተባለ። ተነሣ። ሊዮ የሚባለው፣ ከዶሚኒካን የመጣው የማሟሟቂያው ኳስ ተቀባይ፣ ቁጢጥ ብሎ ጓንቱን ዘረጋለት። ሳህሉ ወረወረ። ክንዱ እንደዚያ ቀን ተፈትቶለት አያውቅም። ኳሱ ጓንቱን ሲመታ የሚሰማው ድምፅ እላይ ድረስ ይደርስ ነበር። ያን ጊዜ ከበላዩ እልልታ ፈነዳ፤ ረጅም፣ እንደ ንግሥ በዓል ያለ።

ሊዮ ኳሱን ይዞ ቀና አለ። «ምንድን ነው? እሳት ተነሣ እንዴ?»

«እናቴ ናት።»

«እሷን ይጥሯት፤ ክንዷን አላውቅም፣ ድምፅዋ ግን መቺውን ዱላ ያስጥለዋል።»

ሳህሉ እየሳቀ ሁለት ኳስ ጨመረ። ስልኩ ደግሞ ጮኸ። አሠልጣኙ አዳምጦ ዘጋውና ሌላውን ወርዋሪ በጣቱ ጠቆመ። የአጥሩ በር ተከፍቶ ያ ሰው ወደ ሜዳው ሮጠ። ሳህሉ ጃኬቱን ለብሶ ተቀመጠ።

ከጨዋታው በኋላ ወይዘሮ ውቢት በሩ ላይ አገኙት። የነጠላቸው ጫፍ በእንባ ርሷል።

«አየሁህ፣ ልጄ። በዓይኔ አየሁህ። አቤት ክንድህ! ያ ምስኪን ሰውዬ እጁ እንዴት ቻለው?»

ሳህሉና ሐሴት ዓይን ለዓይን ተያዩ። ሐሴት ጨዋታውን ታውቃለች፤ ያዩት ማሟሟቅ እንጂ ጨዋታ እንዳልሆነ ለእናቷ ግን አላስረዳችም። «ጀስት ተዋት፣ ሳህሉ» አለችው በዝግታ፣ «ሺ ኢዝ ሶ ሃፒ።»

«አዎ፣ እማዬ፤ ስወረውር አየሽኝ» አለ ሳህሉ።

እንዲህ ብሎ ሲናገር ፊቱ እንደ ጋለ ተሰማው። ቢሆንም ራሱን አጽናና፤ ነገ ቢጠሩት፣ የተናገረው ሐሰት ሳይታወቅ እውነት ይሆናል። ረቡዕ ስልኩ በጮኸ ቁጥር ከሁሉ ቀድሞ ብድግ ይል ነበር፤ ሊዮም «ተረጋጋ፣ ፒዛ ያዘዝኩ እኔ ነኝ» እያለ ቀለደበት። አልጠሩትም። ሐሙስ የታመመው ሰው ድኖ ተመለሰ። ሥራ አስኪያጁ ሳህሉን በአክብሮት ጨብጦ፣ ከድንበሩ ማዶ ወዳለው የታችኛው ቡድን እስከ እሑድ ማታ እንዲመለስ ነገረው። በትልቁ ሊግ ሜዳ አንዲት ኳስ እንኳ ሳይወረውር ወጣ።

ስእለቱ ወዲያው ይገባል ብሎ አላሰበም ነበር። ዓርብ ወደ እናቱ ቤት ሲገባ ግን መጋረጃው ከሣጥን ወጥቶ በሶፋው ላይ ተዘርግቶ አገኘው። ወይዘሮ ጠጂቱ አጠገቡ ተቀምጠው ክሩን በጣታቸው ይዳስሳሉ።

«ና፣ የኔ ጀግና» አሉት። «እኔ እኮ ነገረኛ ነኝ። እናትህን ስንቱን ነገር ተናገርኳት፤ አፌን አስያዝከኝ።»

«ነገ በበዓሉ ነው የሚገባው» አሉ ወይዘሮ ውቢት። «አንተም ከጎኔ ትቆማለህ።»

አፉን ከፈተ። እውነቱን መናገር ግን በወይዘሮ ጠጂቱ ፊት እናቱን ማዋረድ ሆነበት፤ ስለዚህ «እሺ» ብሎ ዘጋው። ሰው ለእናቱ ክብር ሲል የዋሸ ይመስለዋል፤ ሲመረመር ግን ለራሱ ፊት ሲል ነው።

በማግሥቱ ጾሙ ተፈትቶ በዓሉ ተከበረ። ከቅዳሴ በኋላ የደብሩ ጸሓፊ ድምፅ ማጉያውን ይዞ፣ «እኅታችን ወይዘሮ ውቢት፣ ልጃቸው ሳህሉ በዚህች ከተማ በትልቁ ሜዳ ተሰልፎ ስለ ወረወረ፣ ስእለታቸው ደርሶላቸው ይህን መጋረጃ አስገብተዋል» ሲል አስታወቀ። ሕዝቡ እልል አለ፤ አጨበጨበ። ቀሲስ ዋለልኝ መጋረጃውን ባርከው ተቀበሉ፤ ዲያቆናቱም ይዘውት ወደ ውስጥ ገቡ። ወደ መቅደስ የገባ ንዋየ ቅድሳት ተመልሶ ወደ ሰው ቤት አይወጣም። ሳህሉ በእናቱ ጎን ቆሞ ወለሉን ያያል። እልልታው ማክሰኞ ዕለት ከሰማው ጋር አንድ ዓይነት ነበር፤ አሁን ግን ጆሮውን አቃጠለው።

ሕዝቡ ለጸበል ጸዲቁ ወደ አዳራሹ ሲወርድ፣ ወደ ንስሓ አባቱ ወደ ቀሲስ ዋለልኝ ሄደ።

«አባ፣ እኔ አልወረወርኩም።»

ቀሲስ ሙሉ ነገሩን ሰሙት። አላቋረጡትም። «እናትህ ያውቃሉ?» አሉ በመጨረሻ።

«አያውቁም።»

«ለእኔ መንገርህ ለነፍስህ ነው። የእናትህ ስእለት ግን በእግዚአብሔር ቤት በሐሰት ምክንያት ተነግሯል፤ እርሳቸውም ሳያውቁ ምስክር ሆነዋል። ይህን እኔ በኑዛዜ ልሸፍነው አልችልም።»

«መጋረጃው ይወጣል?»

«አይወጣም። የሚወጣው ቃሉ ነው። በአደባባይ የተባለ በአደባባይ ይታረማል።»

በዚያው ከሰዓት በኋላ፣ እናቱ የበዓል ልብሳቸውን ሳይለውጡ ነገራቸው። ወይዘሮ ውቢት መጀመሪያ የቀለደ መሰላቸው።

«ያየሁትስ? ስትወረውር ያየሁህ?»

«መዘጋጀት ነው፣ እማዬ። ጨዋታ አይደለም።»

«በትልቁ ሜዳ አልነበርክም?»

«ነበርኩ። ከአጥሩ ኋላ።»

ወይዘሮ ውቢት በዚህ ሁሉ ዘመን ጠይቀውት የማያውቁትን ጠየቁት፤ «ሌላውም ዓመት እንዲሁ ነበር? ትነሣለህ፣ ትዘጋጃለህ፣ ትቀመጣለህ?»

«ብዙ ጊዜ።»

«ለምን አልነገርከኝም?»

«አፍሬ።»

«ታዲያ እኔን በማን ፊት አቆምከኝ?» አሉ ወይዘሮ ውቢት። ድምፃቸው ከፍ አላለም። «እኔ ድሀ ነኝ፣ መሀይም ነኝ፤ በእመብርሃን ፊት ግን ሐሰተኛ ሆኜ አላውቅም።»

ሳህሉ ጉልበታቸው ላይ ሊደፋ ጎንበስ ሲል፣ በእጃቸው ገታ አድርገው ወደ ክፍላቸው ገቡ።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ቀሲስ ዋለልኝ አስቀድመው ለሕዝቡ «የምትሰሙት ነገር አለ» አሉ። ወይዘሮ ውቢት ሊናገሩ ሲነሡ፣ ሳህሉ ቀደማቸው። በአደባባይ አማርኛ ተናግሮ አያውቅም፤ ቃላቱ ከአፉ አንድ በአንድ ወጡ።

«ትናንት ስለ እኔ የሰማችሁት ውሸት ነው። ጠሩኝ፤ ተዘጋጀሁ፤ ግን አላስገቡኝም። አንድ ኳስ አልወረወርኩም። እናቴ አታውቅም ነበር። እኔ ነኝ የዋሸሁ።»

ትናንት በደስታ ትከሻውን መታ መታ ያደረጉት ሁሉ መሬት መሬት ያዩ ነበር፤ ይህም ከስድብ ይልቅ ከበደው። ወይዘሮ ውቢት ነጠላቸውን አስተካክለው ቆሙ።

«መጋረጃውን ስጦታ ብላችሁ ቁጠሩልኝ» አሉ። «ስእለቴ ግን አልደረሰም። እንዳለ ነው።» ተቀመጡ። እልልታ አልነበረም።

በግቢው ሰዎች ወደ ሳህሉ እየመጡ እንደ ለቅሶ ቤት በዝግታ ጨበጡት። ወይዘሮ ጠጂቱ ብቻ ቀጥ ብለው ዓይኑን አዩት።

«ማልያውንስ አልብሰውህ ነበር?»

«አልብሰውኝ ነበር።»

«እንግዲያው እሱን አልዋሸህም» አሉና አለፉ። ምሕረት ይሁን ስላቅ አልለየለትም።

በዚያ ሰሞን ጨዋታ ሊያቆም በልቡ ወስኖ ነበር። ክንዱ ያመዋል፤ ከእርሱ ጋር የጀመሩትም ከተዉት ቆይተዋል። እናቱ በሕዝብ ፊት «እንዳለ ነው» ካሉ በኋላ ግን፣ ማቆሙ መሸሽ ሆነበትና ውሳኔውን ለማንም ሳይናገር ተወው። ወይዘሮ ውቢት እስከ ትራሙ ፌርማታ ሸኙት። እንደ ወትሮው ክንዱን አልያዙም፤ ጥቂት ቀድመው ሄዱ።

«ልትደውልልኝ ትችላለህ» አሉት ትራሙ ሲቆም። «የሆነውን ብቻ ንገረኝ። ያሳመርከውን አልፈልግም።»

ሰኞ በታችኛው ቡድን ሜዳ ጨዋታው በቀን ነበር። እንዳለቀ፣ ከነማልያው በመልበሻው ክፍል አግዳሚ ላይ ተቀምጦ ደወለ።

«ምን ሆነ?» አሉ እናቱ።

«ጠሩኝ፤ ገባሁ። መቱብኝ። አውጥተው ሌላ አስገቡ።»

«ክፉ መቱብህ?»

«ክፉ። በእኔ ተሸነፍን።»

ሳህሉ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ፤ አጠገቡ የነበረው ተጫዋች እንዳያየው።

«እሺ» አሉ እናቱ። «ነገም ደውል።»