የክትባቱ ክፍል ቁልፍ

ሠርካለም የከብት ሐኪም ናት፤ ወረታ ላይ አሥራ አንድ ዓመት ሠርታለች። በፎገራ ሜዳ ከብቱ ሁሉ የአባ ሰንጋን ክትባት መከተብ ያለበት የርብ ወንዝ ሳይሞላ ነው። ውሃው ሜዳው ላይ ከተኛ በኋላ መንገድ የለም። ይህን የማያውቅ ሰው ቢኖር መሥሪያ ቤቷ ውስጥ ብቻ ነው።

አምና ዝናቡ ቢቀድምባት የትእዛዝ ደብዳቤ ሳትጠብቅ ወጥታ ከተበች። አንድም ከብት አልሞተም። ዘንድሮ በመጋቢት ግን በዚሁ የዲሲፕሊን ክስ ተመሠረተባት፤ “ማስረጃ እንዳታጠፋ” ተብሎም ከሥራ ታገደች፤ ግቢው ውስጥ ዝር እንዳትል ተከለከለች። ማስረጃዎቹ የተከተቡት ላሞች ናቸው እንግዲህ፤ የት ልትደብቃቸው ኖሯል!

የክትባቱ ክፍል ብቸኛ ቁልፍ እሷው ዘንድ ነበር። ወዲያው ዘበኛው በር ላይ ሆና ለኃላፊዋ ለአቶ አሸናፊ ዘረጋችላቸው።

“ያለ ርክክብ ቁልፍ አልቀበልም” አሏት።

“እንረካከባ!”

“ርክክብ የሚደረገው ክፍሉ ውስጥ ነው። አንቺ ደግሞ መግባት አትችይም።”

የሚቀልዱ መስሏት ነበር። አልቀለዱም።

ክትባቱ ያለበት ማቀዝቀዣ አሮጌ ነው፤ መብራት ሄዶ ሲመለስ ማብሪያውን ካልተጫኑት አይነሣም። መብራቱ ደግሞ በየቀኑ ይሄዳል። ይህንንም ጽፋ አመለከተች፤ ማመልከቻው ፋይል ውስጥ ገብቶ ቀረ።

ፍርድ ቤት ስትሄድ የመሥሪያ ቤቷ ነገረ ፈጅ፣ “እግድ ቅጣት አይደለም፤ ስለዚህ ክስ አይቀርብበትም። ስትባረር ትምጣ” ብሎ ተከራከረ። ደንቡ እግድ ከሁለት ወር አይለፍ ይላል፤ እሷ ሦስተኛውን ወር ጀምራለች። መልስ፣ የመልስ መልስ፣ ቀጠሮ። አንድ ቀን ዳኛው ሥልጠና ሄዱ፤ አንድ ቀን ፋይሉ ጠፋ።

ከሜዳው ወደ ገበያ የሚመጡት ቄስ ወልደ ሥላሴ ባገኟት ቁጥር “ልጄ፣ ተፈቀደልሽ ወይ?” ይሏታል። “ያሉኝ እነዚያ ሁለት በሬዎች ናቸው፤ ታውቂያለሽ።”

ሰኔ አጋማሽ ላይ ዳኛው እግዱ ከሕግ ውጭ ነው ብለው አነሡላት። ሠርካለም ከደስታዋ ብዛት መጀመሪያ የደወለችው ለቄሱ ነው። በማግሥቱ ጠዋት በሬዎቻቸውን እየነዱ ግቢው በር ላይ ደረሱ። እሷም ሮጣ ገብታ ክፍሉን ከፈተች፤ ማቀዝቀዣውንም ከፈተች። ፊቷን የመታት አየር ሞቃት ነበር። ክትባቱ አንድ ሳይቀር ተበላሽቷል፤ ሌላ እስኪመጣ ደግሞ ርብ ይሞላል።

አቶ አሸናፊ ከኋላዋ ቆመዋል። “የተበላሸው በእጅሽ ያለ ንብረት ነው። በሦስት ቀን ውስጥ በጽሑፍ መልስ ስጪ።”

ልትጮህባቸው ቃጥቷት ተወችው። ወደ በሩ ወጣች።

“ይመልሷቸው አባ። መድኃኒቱ ተበላሽቷል።”

ቄሱ የጠቆረውን ሰማይ አዩ፤ በሬዎቹን አዩ። “አንችስ ደግ፣ ፍርድ ቤት ሄድሽ” አሏት። “እኔ ለእነዚህ የት ሄጄ አቤት ልበል?”

በሬዎቹን አዙረው ሲሄዱ ቁልፉን እንደ ጨበጠች ቆማ ታያቸው ነበር።