እናቴ ለጠፈርተኛዋ የተሳለችው

የቪዲዮ ካሴት ወደ ኋላ ሲጠነጠን እዝዝ የሚለው ድምፅ ዛሬም አንዳንዴ ጆሮዬ ላይ ይመጣብኛል። በዘጠናዎቹ ዓመታት በስደት አገር ክሬሰንት ታውን በሚባል ሰፈር ካለው አፓርትመንታችን ምንጣፍ ላይ በሆዴ ተኝቼ፣ አባቴ ከቴሌቪዥን የቀዳልኝን የአንዲት ጠፈርተኛ ዶክመንተሪ እያጠነጠንኩ አየው ነበር። ያን ከባድ ልብስ ለብሳ ውሃ ውስጥ ስትለማመድ፣ ስትወድቅና ስትነሣ ደጋግሜ እያየሁ፣ በረዶው ቀልጦ ዛፎቹ እስኪያቆጠቁጡ ንግግሯን ሁሉ በቃሌ ያዝኩት።

እናቴ ግን ካሴቱን አትወደውም ነበር። የአየር ኃይል አብራሪ የነበረው ታናሽ ወንድሟ አንድ ጠዋት እንደወጣ ቀርቷልና፣ መንኮራኩሩ እሳት እየተፋ ሲነሣ ፊቷን አዙራ ወደ ኩሽና ትገባ ነበር። በጋው ሲቃረብ ስለ ጠፈር የሚያስተምር የልጆች ካምፕ መኖሩን ሰምቼ፣ «እማዬ፣ ሬጅስተር አድርጊኝ፣ ፕሊስ» ብዬ ለመንኳት።

«ሰማይ አንዱን በልቶብኛል፤ ሁለተኛ አልሰጠውም» አለችኝ።

አባቴ ሊያግባባት ቢሞክርም እምቢ ካለች እምቢ ናት። በጋውን ሙሉ አኮረፍኳት።

ቅጠሉ መርገፍ ሲጀምር፣ ጠፈርተኛዋ እንደገና ልትወጣ መሆኑን የሚያሳይ ሌላ ዶክመንተሪ መጣ። በዚህኛው በዕድሜ ገፋ ያሉት እናቷ ቀርበው፣ ልጃቸው እስክትመለስ እንቅልፍ እንደሌላቸው ሲናገሩ፣ እናቴ ከኩሽና ወጥታ ምን እንዳሉ ጠየቀችኝ። ተረጎምኩላት።

«እኔን» አለች ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ።

ጠፈርተኛዋ በብርዱ ወራት ወጥታ በሰላም ተመለሰች። በየካቲት ኪዳነ ምሕረት ዕለት፣ ቤተ ክርስቲያናችን በተከራየው አዳራሽ ካህኑ ስለት ያስገቡትን ሲናገሩ፣ «እኅታችን ልጇ ከሩቅ መንገድ በሰላም ስለገባችላት ጥላ አምጥታለች» አሉና፣ እናቴ ወርቃማ ዘርፍ ያለው ጥላ ታቅፋ ብቅ አለች። አዳራሹ በእልልታ ቀለጠ። ከእኔ ሌላ ልጅ እንደሌላት የሚያውቁት ጎረቤታችን እትዬ አስካለ ግራ ገባቸው።

«ልጅሽ እዚህ ቆማ የለም እንዴ? ከየት ነው የገባችው?»

«ከጠፈር» አለች እናቴ ሳትስቅ። «የጠፈርተኛዋ እናት ስለት አያውቁ፤ ማን ይሳልላቸው፣ እትዬ?»

እትዬ አስካለ አማተቡ፣ ከዚያም እንባቸው እስኪፈስ ሳቁ። አባቴም ሳቁን በነጠላው ሸሸገ። እኔ ግን ኩርፊያዬ ሁሉ ጠፍቶ እናቴን እንደዚያን ቀን ወድጃት አላውቅም።

በሰብዌይ ባቡር ወደ ቤት ስንመለስ እጄን ይዛ፣ «ለሌላ ሰው ልጅ የደረሰች እመቤቴ የእኔንም አትነሳኝም። ለሚመጣው በጋ ሬጅስተር አደርግሻለሁ» አለችኝ፤ አደረገችም።

ጠፈርተኛ አልሆንኩም፤ ፊዚክስ አስተምራለሁ። ዛሬ የእኔ ልጅ ሌላ ከተማ ሆና አውሮፕላን ማብረር ትማራለች፣ እኔም ስትነሣና ስታርፍ በስልኬ ካርታ ላይ እከተላታለሁ። እናቴ እንዲህ ያለ ነገር አልነበራትም። ያቺ ትንሽ ነጥብ ካርታው ላይ ለአፍታ ቆም ስትል የእኔም ልብ አብሮ ይቆማል። እናቴ ግን አንዴ ከተሳለች በኋላ፣ አደራዋን ለእመቤታችን ሰጥታ ትተኛ ነበር።